ከአዲስ ዓለም እስከ ጊንጪ፦ በአምቦ መንገድ ላይ የተጻፈው የቤት ታሪካችን

ጎበዝ፣ እስቲ ስለ ቤት እናውጋ። በአገራችን የቤት ፖሊሲ በተነሳ ቁጥር ወሬው ዞሮ ዞሮ አዲስ አበባ ላይ ያርፋል። የኮንዶሚኒየም ዕጣ፣ የሊዝ ጨረታ፣ የቀበሌ ቤት ፈረሳ… የቀሩት ከተሞች ስማቸው የሚጠራው ለምሳሌ ያህል ነው። እኛ ግን ዛሬ ነገሩን ከሌላው ጫፍ ልንጀምረው አስበናል። ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ የሚወጣውን የአምቦ መንገድ ይዘን፣ በሆለታ፣ በአዲስ ዓለም፣ በጊንጪ፣ በአምቦና በጉደር በኩል የአገሪቱን የቤት ታሪክ እናነባለን። ለምን ይህን መንገድ መረጣችሁ ለሚለን መልሳችን አጭር ነው። የቤት ፖሊሲያችን ሁልጊዜም አዲስ አበባን እያየ ተቀረጸ፤ ሒሳቡን ግን በዚህ መንገድ ዳር ያሉ ከተሞችና ገበሬዎች ጭምር ከፈሉ።

ያልሆነው ዋና ከተማ

በ1893 ዓ.ም. ገደማ ዳግማዊ ምኒልክ ዋና ከተማቸውን ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ ሊያዛውሩ ቆርጠው ነበር። ምክንያቱ እንጨት ነው። አዲስ አበባ በአጭር ጊዜ ውስጥ ዙሪያዋን መንጥራ ጨርሳ፣ ማገዶውም የቤት መሥሪያውም ከሩቅ የሚመጣ ሆነ። ስለዚህ ጫካ ወዳለበት ቦታ ወጥተው አዲስ ዓለም ብለው ሰየሙት፤ ቤተ መንግሥትም ማሠራት ጀመሩ። ነገር ግን በአዲስ አበባ ብዙ ሕንፃና ሀብት ፈስሶ ስለነበር፣ ከአውስትራሊያ የመጣው ባሕር ዛፍም ቶሎ እያደገ የእንጨቱን ችግር ስላቃለለ፣ ዝውውሩ ቀረ። የተጀመረው ቤተ መንግሥት የማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ።

ይህን ያነሳነው ለጨዋታ ማሟያ አይደለም። መንግሥት ስለ ቤት ሲያስብ መጀመሪያ የገጠመው ጥያቄ «በምን እንሠራለን?» የሚል ነበር፤ መልሱም ባሕር ዛፍ ሆነ። ዛሬም ከሆለታ እስከ ጉደር ብትሄዱ አብዛኛው ነዋሪ የሚኖረው በዚሁ መልስ ውስጥ ነው፦ የባሕር ዛፍ ምሰሶና ማገር፣ በጭድ የተቦካ ጭቃ፣ ከላይ ቆርቆሮ። ይህ ቤት በየትኛውም መንግሥት የፖሊሲ ሰነድ ውስጥ የክብር ቦታ አግኝቶ አያውቅም። ሕዝቡን ያስጠለለው ግን እሱ ነው።

የመሬቱ ባለቤት ማነው?

ከዚያ በኋላ ጥያቄው ተቀየረ። በ1900 ዓ.ም. ገደማ ምኒልክ በአዲስ አበባ የቦታ ባለቤትነትን የሚያጸና ደንብ አወጡ። መሬት የሚሸጥ የሚለወጥ፣ በውርስ የሚተላለፍ ንብረት ሆነ። ውሎ አድሮ የከተማው ቦታ በመኳንንት፣ በቤተ ክህነትና በጥቂት ባለ ሀብቶች እጅ ተከማቸ፤ ብዙው ነዋሪ ግን ተከራይ ሆኖ ቀረ። ያኔ ሀገረ ሕይወት ትባል በነበረችው በአምቦ አካባቢ ደግሞ የገጠሩ ሰው ችግር ከዚህ የባሰ ነበር። ገባሩና ጭሰኛው አያቱ ባረሱት መሬት ላይ እንግዳ ነበሩ። የዓባይን ልጅ ውኃ ጠማው ይሏል ይህ ነው! በ1957 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «መሬት ላራሹ» ብለው ሲወጡ ጥያቄው የአዲስ አበባ ሰልፈኛ ብቻ አልነበረም፤ የዚህ አገር ገበሬም ጥያቄ ነበር።

ደርግ መልሱን በሁለት አዋጅ ሰጠ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት፣ ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. ደግሞ በአዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሆኑ። ለአንድ ቤተሰብ አንድ መኖሪያ ቤት፣ ቦታውም ከ500 ካሬ ሜትር ያልበለጠ። ኪራይ ከ15 እስከ 50 በመቶ ተቀነሰ። በወር ከ100 ብር በታች የሚከራዩት ቤቶች ለቀበሌ፣ ከዚያ በላይ ያሉት ለኪራይ ቤቶች አስተዳደር ተሰጡ። ያን ዕለት ተከራዩ ቢጨፍር ማን ይፈርድበታል?

ነገር ግን አዋጁ ያለውን ቤት አከፋፈለ እንጂ አዲስ ቤት አልሠራም። የግል ቤት ማከራየት ተከለከለ። ማከራየት የማይችል ሰው ለሌላ ሰው የሚሆን ቤት ለምን ይሠራል? ቀበሌው በተቀነሰ ኪራይ ጣሪያ እንኳ በወጉ ማደስ አቃተው። የአምስት ብርና የአሥር ብር ቤቶች አያትን፣ ልጅንና የልጅ ልጅን በአንድ ክፍል ይዘው አረጁ። የቤትና ቁጠባ ባንክ ተቋቁሞ ብድር ሰጠ፣ የቤት ሥራ ማኅበራትም ቦታ በነጻ ተመሩ፤ ይሁን እንጂ ማኅበር ገብቶ በየወሩ ለመቆጠብ ቋሚ ደመወዝ ያስፈልጋል። መምህሩና የመንግሥት ሠራተኛው ተጠቀሙ። ጠላ ጠምቃ የምታድረው እናት፣ የቀን ሠራተኛውና ከገጠር የመጣው ወጣት ግን ከማኅበሩ ውጭ ቀሩ።

ሊዝ፣ ዕጣና ጨረቃ ቤት

ኢሕአዴግ ሲመጣ መሬቱ የመንግሥትና የሕዝብ እንደሆነ ቀረ፤ በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40ም ጸና። የተለወጠው ነገር ዋጋ መጥራቱ ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 80፣ ከዚያም የ1994ቱ እና የ2004ቱ አዋጆች የከተማ ቦታን በጨረታ ወይም በምደባ የሚሰጥ ነገር አደረጉት። በተለይ የ2004ቱ አዋጅ ቁጥር 721 በየትንሹ ከተማ ያለውን ባለ ነባር ይዞታ ሁሉ አስደነገጠ፤ ቤቱ ከውርስ በቀር በሌላ መንገድ ለሦስተኛ ወገን ሲተላለፍ ቦታው ወደ ሊዝ ይገባል ይላልና።

አዲስ አበባ ላይ በ1996 ዓ.ም. በቦሌ ገርጂ ሙከራው የተጀመረው ኮንዶሚኒየም ከሁለት ዓመት ያህል በኋላ ወደ ክልል ከተሞችም ወረደ። እዚያ ግን አልሠመረም። ጎረቤት በርካሽ የጭቃ ቤት እየሠራ፣ ጓሮውን እየተከለ፣ ዶሮውን እያረባ፣ በየወሩ የባንክ ዕዳ እየከፈሉ ፎቅ ላይ መውጣትን ብዙ ሰው አልፈለገውም፤ የፈለገውም አቅም አጣ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ከአዲስ አበባ ውጭ ያለው ግንባታ ቆመ። አዲስ አበባ ላይ ግን በ2005 ዓ.ም. ለ10/90፣ ለ20/80 እና ለ40/60 ምዝገባ ሲከፈት ተመዝጋቢው ከ900 ሺህ በላይ ሆነ። ልዩነቱን ልብ በሉልን። አንዱ ዕቅድ በአንዱ ከተማ ወረፋ ሲያሰልፍ በሌላው ገዢ አጣ፤ ምክንያቱም ሲነደፍ ትንሹን ከተማ ማንም አልጠየቀውም።

ታዲያ ትንሹ ከተማ ምን አደረገ? ጨረቃ ቤት ሠራ። በከተማው ጠርዝ ካለው ገበሬ ላይ በእጅ ወረቀትና በሽማግሌ ምስክር ቦታ ይገዛል፤ ማታ ምሰሶው ይቆማል፣ ንጋት ላይ ቆርቆሮው ይመታል። ሕገ ወጥ ነው? አዎ፣ በሕጉ ቃል ሕገ ወጥ ነው። ግን ገበሬው የሚሸጠው መንግሥት ወስዶ የሚሰጠውን ካሳ ስለሚያውቅ ነው። በ1997 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 455 መሠረት በቋሚነት ለሚነሳ ገበሬ የሚከፈለው የማፈናቀያ ካሳ የአምስት ዓመት አማካይ ዓመታዊ ገቢው በአሥር ተባዝቶ ነበር። መሬቱ በሊዝ ጨረታ የሚያወጣው ዋጋ ግን በሒሳቡ ውስጥ የለም። በ2011 ዓ.ም. አዲሱ አዋጅ ቁጥር 1161 ብዜቱን ወደ 15 አሳደገው። ተሻለ፤ የመሬቱ ዋጋ ግን አሁንም የገበሬው አይደለም።

ጥያቄው ሲፈነዳ

አሁን መንገዳችን ወደ መራራው ክፍል ገባ። በ2000 ዓ.ም. ሆለታና ሌሎች የአዲስ አበባ ዙሪያ ከተሞች ከነባር ዞኖቻቸው ወጥተው ልዩ ዞን ሆኑ። ቀጥሎ አዲስ አበባንና ይህን ልዩ ዞን በአንድ ዕቅድ የሚያይ የተቀናጀ ማስተር ፕላን መጣ። በወረቀት ላይ የመንገድ፣ የኢንዱስትሪና የቤት ዕቅድ ነው። በገበሬው ጆሮ ግን የተሰማው አንድ ነገር ነው፦ «ልትነሳ ነው»። ሚያዝያ 2006 ዓ.ም. የአምቦ ተማሪዎችና ነዋሪዎች ተቃውሞ ወጡ፤ የጸጥታ ኃይሎች ተኮሱ፣ ሰው ሞተ። ኅዳር 2 ቀን 2008 ዓ.ም. ደግሞ በጊንጪ ተማሪዎች የኳስ ሜዳቸውና የጭልሞ ጫካ ለባለ ሀብት ሊሰጥ ነው በሚል ተነሡ። ተቃውሞው ከዚያች ትንሽ ከተማ ወጥቶ ኦሮሚያን አዳረሰ። ጥር 2008 ዓ.ም. ማስተር ፕላኑ ተሰረዘ። እንቅስቃሴው ግን አልቆመም፤ የካቲት 2010 ዓ.ም. ጠቅላይ ሚኒስትሩ ሥልጣን ለቀቁ።

ይህን ታሪክ የፖለቲካ ታሪክ ብቻ አድርጎ የሚያነብ ሰው ግማሹን ነው ያነበበው። የመሬት ታሪክ ነው፤ የመሬት ታሪክ ደግሞ የቤት ታሪክ ነው። የካቲት 27 ቀን 2011 ዓ.ም. ለ51 ሺህ ያህል ኮንዶሚኒየሞች ዕጣ ሲወጣ የኮዬ ፈጬዎቹ ቤቶች በኦሮሚያ ከተሞች አዲስ ተቃውሞ አስነሡ። በአንድ በኩል ለዓመታት ከጉሮሮው እየቀነሰ የቆጠበ ዕድለኛ አለ። በሌላ በኩል ከዚያው መሬት የተነሳ ገበሬና ልጆቹ አሉ። ሁለቱም ቤት ፈላጊ ናቸው። ፊት ለፊት ያቆማቸው አንዱን የሚያስጠልለው ሌላውን ነቅሎ የሆነው ፖሊሲ ነው። በ2015 ዓ.ም. ሸገር ከተማ ሲቋቋምም ሕገ ወጥ በተባሉ ቤቶች ላይ በተካሄደው ሰፊ ፈረሳ ያየነው ይህንኑ ነው።

ታዲያ ምን ይሁን?

አንዳንዱ ወዳጃችን «መሬት የመንግሥት መሆኑ ነው ጉዱ፤ ይሸጥና ይገላገሉ» ይላል። እኛ ነገሩ እንዲህ ቀላል አይመስለንም። ሲንጋፖርም አብዛኛው መሬት የመንግሥት ነው፤ ከነዋሪዋ አምስት እጅ አራቱ ግን መንግሥት በሠራው ቤት ይኖራል። በንጉሡ ዘመን ደግሞ መሬት ይሸጥ ይለወጥ ነበር፤ ብዙው ሰው ግን ተከራይና ጭሰኛ ነበር። እኛ ዘንድ ለመቶ ዓመት የተጨቃጨቅነው «የመሬቱ ባለቤት ማነው?» በሚለው ላይ ነው። በአምቦና በጊንጪ ያለ ቤተሰብ የሚጠይቀው ግን ሌላ ነው፦ «ማንም መጥቶ የማያፈርስብኝን ትንሽ ቤት የት ልሥራ?»

ለዚህ ጥያቄ መልስ ለመስጠት የፎቅ ብዛት አያስፈልግም። ውኃና መንገድ ቀድሞ የገባለት፣ ካርታ ያለው ትንሽ ቦታ፤ በአቅም ልክ ደረጃ በደረጃ የሚሠራ ቤት፤ የጭቃውን ቤት አፍርሶ ሳይሆን መሠረቱን በድንጋይ፣ ግድግዳውን ቀስ በቀስ በብሎኬት አጠንክሮ የሚያሳድግ ብድር፤ ከተማው ሲሰፋ ደግሞ ገበሬው ካሳ ተቀብሎ የሚሄድ ሳይሆን ከቦታው ድርሻ የሚያገኝ ጎረቤት የሚሆንበት አሠራር። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የኪራይ አዋጅ ውል ከሁለት ዓመት እንዳያንስ ማለቱ ለተከራይ በጎ ነው። ሆኖም ከአዲስ አበባና ከድሬዳዋ ውጭ የሚሠራው ክልሎች በሚወስኗቸው ከተሞች ነው። ትንሹ ከተማ አሁንም «ይታይለታል» ከሚባሉት ተራ ነው።

በአገራችን እንግዳ ሲመጣ ከመቀመጫ ተነሥቶ «ቤት ለእንግዳ» ማለት ወግ ነው። ይህን ለማለት ግን መጀመሪያ ቤቱ መኖር አለበት፤ ባለቤቱም ነገ እንደማይነሳ ማወቅ አለበት። የሚቀጥለውን የቤት ፖሊሲ የምትጽፉ ሰዎች፣ እባካችሁ ጠረጴዛ ላይ ከመቀመጣችሁ በፊት አንድ ቀን የአምቦን መንገድ በእግር ሂዱበት።

ቸር እንሰንብት።