ከቤት የወጣ ሁሉ ትዳሩን ጣለ አይባልም

ዛሬ ረዘም ያለ ታሪክ ይዤ መጥቻለሁ። ባልና ሚስት በራቸውን ዘግተው ያሳለፉትን በደል ዳኛ ፊት በምን ያስረዱታል? ሕንዶች በዚህ ጥያቄ ከመቶ ዓመት በላይ ተሟግተውበታል። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በሂንዱ ሃይማኖት ጋብቻ ቅዱስ ሥርዓት እንጂ ውል አይደለም። በአንዳንድ ማኅበረሰቦች በልማድ ይፋቱ ነበር እንጂ በተለይ ከፍተኛ በሚባሉት ካስቶች ዘንድ ፍቺ የሚታሰብ አልነበረም።

የቦምቤዋን ሩክማባይን እንይ። በ11 ዓመቷ ዳሯት፤ ባሏ ቤት ግን ገብታ አልኖረችም። በ1884 ባልየው "ሚስቴ ትምጣልኝ" ብሎ ከሰሳት። የመጀመሪያው ዳኛ ክሱን ውድቅ አደረገው። እንዲህ ያለው ክስ ራሱ ከእንግሊዝ የቤተ ክህነት ፍርድ ቤቶች የመጣ እንጂ የሂንዱ ሕግ አልነበረም። በይግባኝ ነገሩ ተገለበጠና በ1887 ሌላ ዳኛ "ወይ ባልሽ ዘንድ ግቢ፣ ወይ ስድስት ወር ትታሰሪያለሽ" ብሎ ፈረደ። እሷም እስሩ ይሻለኛል አለች! በ1888 ባልየው 2,000 ሩፒ ተቀብሎ በስምምነት ተለቀቀች። ከዚያ እንግሊዝ ሄዳ ሕክምና ተማረች፤ አገሯ ተመልሳም በሱራት ከተማ ሐኪም ሆነች።

ሕንድ ነጻ ከወጣች በኋላ በ1955 የሂንዱ ጋብቻ ሕግ ታወጀ። ግን ጭካኔም ሆነ ጥሎ መሄድ መጀመሪያ ላይ የሚያስገኙት ተለያይቶ የመኖር ፈቃድ ብቻ ነበር። ሁለቱም ለፍቺ በቂ ምክንያት የሆኑት በ1976 ማሻሻያ ነው። ጥሎ መሄዱ ቢያንስ ሁለት ዓመት ሳይቋረጥ መቆየት አለበት።

ዋናው ነገር ግን ማስረጃው ላይ ነው። በ1956 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የአንድ የቦምቤ ባልን ክስ አየ። ሚስት ወደ አባቷ ቤት ሄዳ ነበር፤ ባል ደግሞ "ጥላኝ ሄደች" ይላል። ዳኞቹ መዝገቡን ሲያገላብጡ፣ ቤተሰቧ ሊመልሳት ሲል "እንዳትልኳት" ብሎ ቴሌግራም የመታው እሱ ራሱ ሆኖ ተገኘ! ክሱ ወደቀ። ጥሎ መሄድ ማለት መለየት ብቻ ሳይሆን ትዳሩን ለመተው መወሰን ጭምር ነው ተባለ። ይህን ደግሞ ማስረዳት ያለበት ከሳሹ ነው። እንዲያውም ኑሮውን ሲኦል አድርጎ ሌላውን ያስወጣ ሰው፣ ከቤቱ ባይነቃነቅም እንኳ ጥሎ የሄደው እሱ ሊባል ይችላል።

ጭካኔስ? በ1975 ፍርድ ቤቱ ይህ የወንጀል ክስ አይደለም፣ ከጥርጣሬ በላይ አስረዱ አይባልም፣ ሚዛን የደፋው ወገን ይበቃል አለ። ግን በዚያው ጉዳይ በደሉ ተረጋግጦ ሳለ ባልየው ተረታ። ለምን? ከበደሉ በኋላ አብሮ እየኖረ ይቅር ብሏል ተብሎ ነው።

በ1988 ደግሞ የባሏ ቤተሰብ ገንዘብ አምጪ እያለ ያስጨነቃት ሚስት ቀረበች። የበታች ፍርድ ቤት "አጋነነች" ብሏት ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን ባልየው በጻፈው ደብዳቤ ወላጆቹ ገንዘብ መጠየቃቸው ምን ነውር አለው ማለቱን አየና ፈታት። ጭካኔ ለመባል ሆን ብሎ ለመጉዳት ማሰብ የግድ አይደለም ተባለ።

አያችሁ፣ ሩክማባይን የጠየቋት "ሚስቱ ነሽ ወይስ አይደለሽም?" ብለው ነው። "ለምን ወጣሽ? ማን አስወጣሽ?" ብሎ መጠየቅ የፍርድ ቤት ወግ እስኪሆን ብዙ ዓመት ፈጀ። ምስክር በሌለበት ጓዳ ውስጥ ደብዳቤና ቴሌግራም ምስክር ሆኑ።

የቀድሞ ተማሪዎቼ፣ የሕግ ታሪክ ስታነቡ ሕጉ ምን ፈቀደ ብቻ አትበሉ፤ የማስረዳቱ ሸክም ማን ጫንቃ ላይ ወደቀ በሉ። በየሰፈሩ "ትዳሯን ጥላ ሄደች" ሲባል ስትሰሙም ቸኩላችሁ አትፍረዱ። እናንተስ ምን ትላላችሁ? መልካም ምሽት!