ሜልባ ሊስተን፦ የትሮምቦኗ ድምፅ፣ የብዕሯ ሥራ

በካሴትና በሲዲ ሽፋን ላይ የድምፃዊው ስም ከፎቶግራፉ ጋር በትልቁ ይጻፋል። ግጥሙና ዜማው የማን እንደሆነ ከሥር ይከተላል። «ቅንብር» ከሚለው ጎን ያለውን ስም ግን ከሙዚቀኞች በቀር ፈልጎ የሚያነበው ጥቂት ነው። ዜማው ከየትኛው መሣሪያ እንደሚነሳ፣ ማን እንደሚቀበለው፣ ማን ዝም እንደሚልና መቼ ሁሉም አንድ ላይ እንደሚነሱ የሚወስነው ግን ያ ሰው ነው። በአሜሪካ የጃዝ ታሪክ ሜልባ ሊስተን ይህን ሥራ ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ሠርታለች። ትሮምቦን ተጫዋች ነበረች፤ አቀናባሪም ነበረች። ለዲዚ ጊለስፒ፣ ለኩዊንሲ ጆንስና ለራንዲ ዌስተን ቅንብር ስትጽፍ ኖራ፣ በመሪነት በራሷ ስም ያወጣችው አልበም አንድ ብቻ ነው።

ሜልባ ዶሬታ ሊስተን የተወለደችው ጃንዋሪ 13 ቀን 1926 በሚዙሪ ግዛት፣ በካንሳስ ሲቲ ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ከተማዋ በዚያ ዘመን ከጃዝ መናኸሪያዎች አንዷ ነበረች። ካውንት ቤሲ ባንዱን ያቋቋመው እዚያ ነው፤ ፒያኒስቷ ሜሪ ሉ ዊሊያምስም ለአንዲ ከርክ ባንድ ቅንብር ትጽፍ የነበረው በዚያው ከተማ ነው። ሜልባ ትሮምቦን ያገኘችው በሰባት ዓመቷ፣ አሜሪካ በኢኮኖሚ ድቀት ውስጥ ሳለች ነበር። መሣሪያው ሲያብረቀርቅ አይታ ወደደችው፤ እናቷም ገዙላት።

ለትንሽ ልጅ የሚመረጥ መሣሪያ አልነበረም። ትሮምቦን እንደ ትራምፔት ቁልፍ የለውም፤ ድምፁ የሚቀያየረው ወደ ፊትና ወደ ኋላ በሚንሸራተት ረጅም ቱቦ ነው። ቱቦው ሰባት ዋና ዋና ማረፊያዎች አሉት፤ ይሁን እንጂ የትኛው የት እንደሆነ የሚያሳይ ምልክት የለበትም። ተጫዋቹ ቦታውን የሚያገኘው በጆሮውና በክንዱ ልማድ ነው። የመጨረሻዎቹ ማረፊያዎች ደግሞ የአዋቂ ሰው ክንድ ሙሉ በሙሉ ተዘርግቶ የሚደርስባቸው ናቸው። ሜልባ አብዛኛውን በራሷ ጥረት ተማረች፤ ጊታር ይጫወቱ የነበሩት አያቷም ያበረታቷት ነበር። በስምንት ዓመቷ በከተማዋ ሬዲዮ ጣቢያ ብቻዋን ለመጫወት በቃች።

በ1937 ቤተሰቡ ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛወረ። እዚያ አልማ ሃይታወር የተባሉ የሙዚቃ መምህርት የጥቁር ልጆችን ሰብስበው ባንድ ያቋቁሙ፣ ኖታ ማንበብና መድረክ ላይ መቆም ያስተምሩ ነበር፤ ሜልባም ከእሳቸው ዘንድ ገባች። ጥቁሮች የሚኖሩበት የሴንትራል ጎዳና ሰፈር ሌሊቱን ሙሉ ሙዚቃ የማይጠፋበት ነበር። የሙዚቀኞች ማኅበሩ ግን በዘር የተከፈለ ነበር። ነጮቹ በቁጥር 47፣ ጥቁሮቹ በቁጥር 767 ቅርንጫፍ ይመዘገቡ ነበር፤ ሁለቱ የተዋሃዱት በ1953 ነው። ሜልባ በ16 ዓመቷ የማኅበሩ አባል ሆና በሊንከን ቴአትር ከመድረኩ ሥር በሚቀመጠው ባንድ ውስጥ ተቀጠረች። በየጊዜው ለሚቀያየሩት ዘፋኞችና ተወዛዋዦች ሙዚቃ ማሰናዳት ስለሚያስፈልግ፣ ብዕር ማንሳት የጀመረችው እዚያ ነው።

ከዚያ ትራምፔት ተጫዋቹና አቀናባሪው ጄራልድ ዊልሰን አዲስ ያቋቋመው ባንድ ውስጥ ገባች። ትሮምቦን ትጫወታለች፤ ኖታ ትገለብጣለች፤ ቅንብር ትጽፋለች። ዊልሰን የሚሠራውን በቅርብ እያየች ሙያውን ተማረች። በ1947 ከልጅነቷ ጀምሮ የምታውቀው ሳክስፎኒስት ዴክስተር ጎርደን ለዳያል ኩባንያ ሲቀዳ አብራው ተጫውታለች። ከተቀዱት አንዱ ጎርደን ለእሷ መታሰቢያ የሠራው ዜማ ነበር።

ያ ዘመን ቢቦፕ የሚባለው ፈጣንና ውስብስብ አጨዋወት የነገሠበት ነው። በሚንሸራተት ቱቦ እንደ ሳክስፎን መፍጠን አይቻልም ይባል ነበር፤ ጄ. ጄ. ጆንሰን እንደሚቻል አሳየ። ሜልባ ከዚህ ፍጥነት ይልቅ የመሣሪያውን ለስላሳና ዜመኛ ድምፅ መረጠች። ይህንኑ ጆሮ ለቅንብሯም አዋለችው፤ በጽሑፏ ውስጥ የነሐስ መሣሪያዎች ሲጮኹ እንኳ እርስ በርስ የሚደማመጡ ናቸው።

በ1940ዎቹ መገባደጃ ዲዚ ጊለስፒ ወደ ባንዱ ጠራት። ጆን ኮልትሬን፣ ፖል ጎንዛልቬስና ጆን ልዊስ ያሉበት ባንድ ነበር። ሴት ትሮምቦን ተጫዋች መምጣቷ ለአንዳንዶቹ አልተዋጠላቸውም፤ ሲያጉረመርሙም ሰማች። ሜልባ ኋላ እንደተረከችው፣ ጊለስፒ አልተከራከራቸውም። የጻፈችውን ቅንብር አውጥታ እንድታድላቸው አደረገ። ባንዱ ጀመረ፤ ተሰናከለ። እንደገና ጀመረ፤ እንደገና ተሰናከለ። ጊለስፒም ይህችን ሴት ለምን እንዳስመጣት መልሶ ጠየቃቸው። ከዚያ በኋላ «ማማ» እያሉ ይጠሯት ጀመር። ክብሩ ከነሸክሙ ነበር የመጣው፦ የሸሚዝ ቁልፍ መትከልና ፀጉር መቁረጥም የእሷ ሥራ ሆነ።

ሴቶች በጃዝ ባንድ ውስጥ አልነበሩም ማለት አይደለም። ዘፋኞችና ፒያኒስቶች ሞልተው ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወቅት እንደ ኢንተርናሽናል ስዊትኸርትስ ኦቭ ሪዝም ያሉ ሴቶች ብቻ የሚጫወቱባቸው ባንዶች አዳራሽ ይሞሉ ነበር። ሜልባ የሄደችበት መንገድ ግን ሌላ ነው፤ በወንዶች መካከል፣ በነሐስ መሣሪያዎቹ ረድፍ ላይ ብቻዋን ተቀመጠች። በአውቶቡስና በሆቴል ኑሮ ውስጥ ከወንዶች የደረሰባትን ጥቃት በኋለኛው ዘመኗ ሳትሸሽግ ተናግራለች።

በ1949 ከጄራልድ ዊልሰን ጋር ሆና ድምፃዊት ቢሊ ሆሊዴይን ለማጀብ ወደ አሜሪካ ደቡብ ወረደች። ሕጋዊው የዘር መድልዎ በጸናበት አገር ጉዞው ከባድ ነበር፤ ተመልካቹ ጠፋ፤ ገንዘቡ አለቀ። ሜልባ ወደ ሎስ አንጀለስ ስትመለስ ተሰላችታ ነበር። ትሮምቦኑን አስቀምጣ በከተማዋ የትምህርት ቦርድ በጸሐፊነት ተቀጠረች፤ ለዓመታትም በዚያ ቆየች። ከሆሊዉድም ትንንሽ ሚናዎች አገኘች፤ በ1956 በታየው «አሥርቱ ትእዛዛት» ፊልም ውስጥ ከታዩት ብዙ ሰዎች አንዷ ናት።

ወደ ሙዚቃ የመለሳት ያው ጊለስፒ ነበር። የሃርለሙ የኮንግረስ አባል አዳም ክሌይተን ፓወል የጃዝ ሙዚቀኞች ወደ ውጭ አገር እንዲላኩ ሐሳብ አቅርበው፣ የአሜሪካ ውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት የጊለስፒን ባንድ በ1956 ለመጀመሪያው ጉዞ መረጠ። ባንዱን ያሰባሰበው ወጣቱ ኩዊንሲ ጆንስ ነው። ነጮችና ጥቁሮች አብረው የሚጫወቱበት ባንድ አባዳን፣ ካራቺ፣ ቤይሩት፣ ደማስቆ፣ አንካራ፣ ቤልግሬድና አቴንስ ዞረ፤ በዚያው ዓመት ክረምት ደግሞ ወደ ደቡብ አሜሪካ ተሻገረ። መንግሥት እነዚህን ሙዚቀኞች የነፃነት ምሳሌ አድርጎ ሲያሳያቸው፣ በአላባማ የሞንትጎመሪ ጥቁሮች በአውቶቡስ ውስጥ ያለውን መድልዎ በመቃወም በእግራቸው እየሄዱ ነበር። ሙዚቀኞቹ ይህን ያውቁ ነበር፤ ጊለስፒም የአገሩን ዘረኝነት ለማስተባበል ፈቃደኛ እንዳልነበረ ደጋግሞ ተናግሯል።

ለዚያ ባንድ ሜልባ የጻፈቻቸው ቅንብሮች ዛሬም ይደመጣሉ። «ስቴላ ባይ ስታርላይት»፣ ከደቡሲ ፒያኖ ዜማ የተወሰደው «ማይ ሬቨሪ» እና ከግሪግ የተወሰደው «አኒስ ዳንስ» የእሷ ሥራዎች ናቸው። ከአውሮፓ ክላሲካል የመጡትን ዜማዎች ወስዳ ጮክ ብሎ በሚነፋ የቢቦፕ ባንድ አፍ ውስጥ አገባቻቸው፤ ሁለቱም ወገን ሳይጎዳ።

በዲሴምበር 1958 ብቸኛውን የመሪነት አልበሟን ቀዳች። «ሜልባ ሊስተን ኤንድ ኸር ቦንስ» ይባላል። አብረዋት የተጫወቱት በዘመኑ የታወቁ ትሮምቦኒስቶች ናቸው፦ ጂሚ ክሊቭላንድ፣ ቤኒ ግሪን፣ አል ግሬይ፣ ቤኒ ፓወል፣ ስላይድ ሃምፕተንና ፍራንክ ሬሃክ። አንድ ዓይነት መሣሪያ ብቻ ተደርድሮ ሳይሰለች እንዲደመጥ ማድረግ የአቀናባሪ ፈተና ነው፤ አልበሙን የሚሰማ ሰው ፈተናውን እንዴት እንደተወጣችው ይረዳል።

በሚቀጥለው ዓመት ከኩዊንሲ ጆንስ ጋር «ፍሪ ኤንድ ኢዚ» ለተባለው ሙዚቃዊ ትርኢት ወደ አውሮፓ ሄደች። ሙዚቀኞቹ ከመድረኩ ሥር ሳይሆን መድረኩ ላይ ወጥተው፣ የቴአትሩን ልብስ ለብሰው ይጫወቱ ነበር። ትርኢቱ ፓሪስ ላይ ከሰረ። ጆንስ ባንዱን አልበተነም፤ ለወራት በአውሮፓ ከከተማ ከተማ ይዞት ዞረ። በባንዱ ውስጥ ከነበሩት ሁለት ሴቶች አንዷ ሜልባ፣ ሌላዋ ፒያኒስት ፓቲ ባውን ነበሩ።

የሜልባን ስም ከሁሉ በላይ የሚያስጠራው ግን ከብሩክሊኑ ፒያኒስት ራንዲ ዌስተን ጋር የሠራችው ነው። በ1958 ዌስተን ስለ ልጆች የጻፋቸውን ዜማዎች «ሊትል ናይልስ» ለተባለው አልበም አቀናበረችለት፤ ከዚያ በኋላ ለአርባ ዓመት ገደማ አልተለያዩም። ዌስተን ሐሳቡን በፒያኖ ያሰማታል፤ እሷ ወስዳ ኦርኬስትራ ታደርገዋለች። ፒያኖው ላይ በግራ እጁ የሚያንኳኳትን አንዲት ሐረግ እንኳ ሳትጥል የትኛው መሣሪያ ሊናገራት እንደሚችል ትፈልግላታለች።

በ1960 አሥራ ሰባት የአፍሪካ አገሮች ነፃ ወጡ። ዌስተን በኖቬምበር ወር «ኡሁሩ አፍሪካ» የተባለውን ባለ አራት ክፍል ሥራ ለመቅዳት ከሃያ በላይ ሙዚቀኞችን ኒው ዮርክ ውስጥ ሰበሰበ። ገጣሚው ላንግስተን ሂዩዝ ቃላቱን ጻፈ፤ የታንጋኒካው ቱንቴሜኬ ሳንጋ በስዋሂሊ አነበበ፤ ማርታ ፍላወርስና ብሮክ ፒተርስ ዘፈኑ። ከበሮ ከሚመቱት መካከል ናይጄሪያዊው ባባቱንዴ ኦላቱንጂ፣ ኩባዊው ካንዲዶና አሜሪካዊው ማክስ ሮች ነበሩ። የአፍሪካን፣ የካሪቢያንንና የሃርለምን ምት በአንድ ወረቀት ላይ አስማምቶ መጻፍ የሜልባ ድርሻ ነበር። እስከ መጨረሻዋ ሰዓት እየጻፈች፣ ኖታ ገልባጮቹም ሌሊቱን ሳይተኙ፣ ሥራው ለቀረጻው ደረሰ። አልበሙን የአፓርታይዱ የደቡብ አፍሪካ መንግሥት በ1964 አገደው።

በቀሩት የ1960ዎቹ ዓመታት ብዕሯ አላረፈም። ለሳክስፎኒስቱ ጆኒ ግሪፊን፣ ለቫይብራፎኒስቱ ሚልት ጃክሰን፣ ለዌስተን «ሃይላይፍ»፣ እንዲሁም ለሞታውን ኩባንያ ጽፋለች።

በ1973 ወደ ጃማይካ ሄደች። ደሴቲቱ የራሷ የትሮምቦን ታሪክ አላት፤ በአልፋ ወንዶች ልጆች ትምህርት ቤት ያደገው ዶን ድራመንድ የስካ ሙዚቃን ከመሠረቱት አንዱ ነው። እሱ የተጫወተበት የስካታላይትስ ባንድ ዜማዎች መካከል «አዲስ አበባ» የሚል ርዕስ ያለው ይገኛል፤ የራስ ተፈሪያን እምነት ባደገበት አገር ይህ የሚያስገርም አልነበረም። ድራመንድ ሜልባ ከመድረሷ በፊት በ1969 አርፎ ነበር። ሙዚቃን በጆሮ የተማሩ ጎበዝ ወጣቶች ግን ሞልተው ነበር። በጃማይካ የሙዚቃ ትምህርት ቤት የጃዝና የዘመናዊ ሙዚቃ ክፍልን እየመራች፣ የሚያውቁትን በኖታ እንዲጽፉና እንዲያነቡ አስተማረቻቸው። በ1976 ለወጣው «ስማይል ኦሬንጅ» ለተባለው የጃማይካ ፊልምም ሙዚቃ ሠርታለች።

በ1979 ወደ አሜሪካ የመለሳት በትውልድ ከተማዋ የተካሄደው የሴቶች የጃዝ ፌስቲቫል ነው። ከዚያ «ሜልባ ሊስተን ኤንድ ካምፓኒ» የተባለ የራሷን ባንድ አቋቋመች። በ1985 ግን ስትሮክ መታት። ግማሽ አካሏ ስላልታዘዘላት ትሮምቦን መጫወት አበቃ። በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ሆና በኮምፒውተር ሙዚቃ መጻፍ ተማረች፤ ዌስተንም ሥራ ይዞላት ይመጣ ጀመር። «ዘ ስፒሪትስ ኦቭ አወር አንሰስተርስ» እና «ቮልኬኖ ብሉስ» የተባሉት የ1990ዎቹ አልበሞቹ የእሷ ቅንብሮች ናቸው። በመጀመሪያው ላይ የቀድሞ አለቃዋ ጊለስፒ እንግዳ ሆኖ ትራምፔት ነፍቷል። የአሜሪካ ብሔራዊ የኪነ ጥበባት ድጋፍ ድርጅትም በ1987 የጃዝ ሊቃውንት የሚባለውን ሽልማት ሰጥቷት ነበር። ሜልባ ሊስተን በሎስ አንጀለስ ያረፈችው ኤፕሪል 23 ቀን 1999፣ በ73 ዓመቷ ነው።

ሰነዶቿና በእጅ የተጻፉ ኖታዎቿ በቺካጎ ኮሎምቢያ ኮሌጅ ወደሚገኘው የጥቁሮች ሙዚቃ ጥናት ማዕከል ገቡ። የተመራማሪዎች ቡድን እነሱን መርምሮ በ2014 የማዕከሉን የጥናት መጽሔት አንድ ሙሉ ዕትም ለእሷ ሥራ አዋለው። የአቀናባሪ ስም በዲስክ ሽፋን ላይ ብዙ ጊዜ በማይጻፍበት ዘመን ለሠራች ሴት እነዚህ ወረቀቶች ዋነኛ ምስክሮች ናቸው፤ ለጊለስፒ፣ ለጆንስና ለዌስተን የጻፈችው የትኛው እንደሆነ ከእጅ ጽሕፈቷ ይታወቃል።