ትዝታንና አገርን በምስል ያኖሩት የፊልም ባለሙያ

ትውልደ ኢትዮጵያዊቷ የፊልምና የቪዲዮ ሥነ ጥበብ ባለሙያ ፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያ፤ ኑሯቸውን በአሜሪካ አድርገው በማሳቹሴትስ ግዛት በሚገኘው ዌልስሊ ኮሌጅ ለበርካታ ዓመታት አስተምረዋል።

ባለሙያዋ እ.ኤ.አ. በ1991 ባቀረቡት «ስደት» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም በሱዳን በስደት ይኖሩ የነበሩ ሴቶችን ሕይወት አሳይተዋል።

እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አጋማሽ ያዘጋጁት «የወንዝ ማዕበል» ደግሞ የተማሪዎችን ንቅናቄ፣ በ1966 ዓ.ም. የፈነዳውን አብዮትና እርሱን ተከትሎ የመጣውን ወታደራዊ አገዛዝ ይዳስሳል። ፊልሙ ደብዛው ለጠፋው ወንድማቸውና ለተገደለችው የቅርብ ጓደኛቸው መታሰቢያ ነው። በዚህም የአንድ ቤተሰብ ሐዘን የአንድ ትውልድ ታሪክ መግለጫ ለመሆን በቅቷል።

እ.ኤ.አ. በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ የሥነ ጥበብ ዐውደ ርዕይ የቀረበው ሥራቸው ጎን ለጎን በተቀመጡ ሦስት የቪዲዮ ምስሎች የተዋቀረ ነው። አቀራረቡ ተመልካቹ አገርንና ታሪኳን ከአንድ አቅጣጫ ብቻ እንዳይመለከት ያደርጋል።

ደብዛው የጠፋ ሰው መቃብር ስለማይኖረው ቤተሰቡ ቆሞ የሚያስብበት ሥፍራ ያጣል። የፕሮፌሰር ሳሌም ፊልም ይህን የጎደለ ሥፍራ በምስል የሚተካ ቅርስ ነው።