ከማብሪያ ወደ ማፈራረቂያ

የካቲት 13 ቀን 2014 ዓ.ም. ጉባ ላይ የታላቁ የኢትዮጵያ ህዳሴ ግድብ የመጀመሪያ ተርባይን ኃይል ማመንጨት ሲጀምር፣ ጠቅላይ ሚኒስትር ዐቢይ አሕመድ ሥራውን ያስጀመሩት ኤሌክትሮኒክ ስክሪን ላይ ያሉ ቁልፎችን በመንካት ነበር። 375 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ ማሽን በጣት ንክኪ ተነሣ። ለቃላት ታሪክ ለሚጨነቅ ሰው ይህ ቅጽበት ብዙ ይነግረዋል። ማብሪያና ማሳያ በአማርኛ ልደታቸው ለየቅል ነው፤ በዚያች ዕለት ግን አንድ መስታወት ላይ ተገናኝተዋል።

«ማብሪያ» የተገኘው «አበራ» ከሚለው ግስ ነው። ሥሩ የግዕዙ «በርሀ» ሲሆን «ብርሃን»ም «መብራት»ም ከእሱ ይወለዳሉ። «መብራት» ዱሮ ኩራዙም፣ ፋኖሱም፣ ጧፉም ነበር። ኤሌክትሪክ ሲገባ ሕዝቡ ኃይሉን ራሱን «መብራት» ብሎ ጠራው። ዛሬ «መብራት ሄደ» ስንል የቆመው ወፍጮ፣ የቀዘቀዘው ምጣድ፣ ሳይታሰብ የጠፋው ኮምፒውተር ሁሉ በቃሉ ውስጥ ተካተዋል። ኃይል የሚያቀርበውን ተቋም ስሙ ስንት ጊዜ ቢለወጥም «መብራት ኃይል» ማለታችንን አልተውንም። ግድግዳ ላይ ያለችውን ትንሽ ዕቃ ደግሞ «ማብሪያ ማጥፊያ» አልናት። ስሟ ሥራዋን አሟልቶ ይናገራል፤ ታበራለች፣ ታጠፋለች፣ ሌላ ሥራ የላትም።

እንግሊዝኛው «ስዊች» የመጣበት መንገድ ሌላ ነው። በ1500ዎቹ መጨረሻ ቀጭን የፈረስ አለንጋ ማለት ነበር፤ ወደ እንግሊዝኛ የገባው እንደ ተለማጭ ቀንበጥ ያለ ትርጉም ከነበረው የሰሜን ባሕር ዳርቻ ቃል እንደሆነ ይታመናል። ቀጥሎ ባቡርን ከአንዱ ሐዲድ ወደ ሌላው የሚያሻግረው ተንቀሳቃሽ ብረት በዚህ ስም ተጠራ። ቃሉ ወደ ኤሌክትሪክ፣ ወደ ስልክና ወደ ኮምፒውተር የገባው ከዚያ ወዲህ ነው። እንግሊዝኛ ስሙን ሳይለውጥ ትርጉም ደራረበበት፤ እኛ ደግሞ ቃሉን የተዋስነው ድርቡ ካለቀ በኋላ ነው።

ጣጣው የሚታየው ገበያ ላይ ነው። ኮምፒውተር መሸጫ ገብቶ «ስዊች አለ?» ለሚል ደንበኛ ባለሱቁ የሚያወጣለት የኔትወርኩን ሳጥን ነው። እሱ ብዙ ኮምፒውተሮችን በአንድ ጊዜ ያገናኛል፣ መልእክቱንም ለየባለቤቱ ያደርሳል። ደንበኛው የፈለገው አንድ ኪቦርድ፣ አንድ ማውስና አንድ ሞኒተር ለሁለት ኮምፒውተር የሚያገለግሉበትን ዕቃ ቢሆንስ? ያኔ «ኬቪኤም ስዊች» ማለት ይኖርበታል፤ ፊደሎቹ ኪቦርድ፣ ቪዲዮና ማውስ የሚሉት ቃላት መነሻዎች ናቸው። የማያውቀው ሰው ግን ያልፈለገውን ገዝቶ ይመለሳል። በአማርኛ ብንጠራቸው ኖሮ የግድግዳው ማብሪያ፣ የኔትወርኩ ሳጥን አገናኝ ሲሆን፣ ይህ ሦስተኛው ግን የራሱን ስም ይጠይቀናል።

ብዙዎች «መቀየሪያ» ይሉታል። «ቀየረ» ከዐረብኛው «ገየረ» ጋር ዝምድና ያለው ይመስለኛል፤ ትርጉሙም ለወጠ ነው። አማርኛ ውስጥ ግን «ቀየረ» አሮጌውን ትቶ አዲሱን የመያዝ ስሜት አለው። ጎማ የቀየረ ሰው የድሮውን ጎማ መልሶ አይገጥመውም። «ተፈራረቀ» ግን የሄደው ተመልሶ የሚመጣበት ግስ ነው። ቀንና ሌሊት ይፈራረቃሉ፣ ክረምትና በጋ ይፈራረቃሉ። ሁለቱም አሉ፤ ተራ ይዘዋል እንጂ አንዱ ሌላውን አላስወገደም። ዕቃው የሚሠራው በትክክል ይህን ነው። ስለዚህ «ማፈራረቂያ» እለዋለሁ፣ ሌሎችም እንዲሉት እወዳለሁ።

ቃሉ በእኛ ዘንድ መራራ ትዝታ እንዳለው አውቃለሁ። በዐረብኛ «ፈረቀ» ለየ ማለት ሲሆን «ፊርቃ» ደግሞ ተለይቶ የቆመ ጓድ ነው። የእኛ «ተፈራረቀ»ም «ፈረቃ»ም ከዚሁ ቤተሰብ ናቸው። በፋብሪካ ሠራተኛው በፈረቃ ይገባል፤ ጉባ ላይም ግድቡ የተገነባው ሌት ተቀን በፈረቃ ነው። ግን ቃሉ ከቤታችን የገባው በመብራት በኩል ነው። ግንቦት 2011 ዓ.ም. የግልገል ጊቤ 3 ግድብ ውሃ በመቀነሱ መንግሥት ኃይል በፈረቃ እንደሚከፋፈል አስታወቀ፤ ወደ ሱዳንና ጅቡቲ የሚላከውም ተቋረጠ። ያኔ ፈረቃ ማለት ተራህ እስኪደርስ በጨለማ መቀመጥ ነበር። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው፣ 13 ተርባይንና 5,150 ሜጋ ዋት አቅም ያለው የጉባው ግድብ ሕዝቡ ከኪሱ ያዋጣበትም እንዲህ ያለ ጨለማ እንዲያበቃ ነው። ቃሉን ከዚያ ጨለማ አውጥቶ ጠረጴዛ ላይ ማኖር ይቻላል፤ ምክንያቱም በጠረጴዛው ፈረቃ ተራ የሚጠብቀው ኮምፒውተር አይጠፋም። ሥራውን እየሠራ ይቆያል፤ ስክሪኑና ኪቦርዱ ብቻ ለጊዜው ወደ ሌላው ዞረዋል።

ይህ ልዩነት ጥሩውን ማፈራረቂያ ከመጥፎው ለመለየትም ይጠቅማል። ሞኒተር ሲሰካ ስንት በስንት እንደሆነና በምን ፍጥነት እንደሚያሳይ ለኮምፒውተሩ ይነግረዋል። ርካሹ ማፈራረቂያ ተራው ሲያልፍ ይህን ንግግር ይቆርጠዋል። ኮምፒውተሩ ሞኒተሩ የተነቀለ ይመስለውና መስኮቶቹን ይበታትናል፤ ባለቤቱ ሲመለስ ሁሉን እንደገና ይደረድራል። ደህናው ግን ሞኒተሩ ባይኖርም እንዳለ አድርጎ ለኮምፒውተሩ መናገሩን ይቀጥላል። ሲገዙ መጀመሪያ የሚጠየቀው ይህ ነው። ቀጥሎ የሚታየው መሰኪያው ነው፦ ኤችዲኤምአይ 1.4 የ4ኬን ምስል በሴኮንድ 30 ጊዜ ብቻ ሲያሳልፍ ኤችዲኤምአይ 2.0 ግን 60 ያሳልፋል። ቀኑን ሙሉ ለሚያፈጥ ዓይን ልዩነቱ ቀላል አይደለም።

«ሞኒተር»ም የራሱ ታሪክ አለው። በላቲን «ሞኔሬ» ማስጠንቀቅ፣ ማሳሰብ ነው፤ «ሞኒቶር» አሳሳቢው ሰው ነበር። እኛ አገር ተማሪ ቃሉን ከኮምፒውተር በፊት ያውቀዋል፦ መምህሩ ሲወጣ የረባሽ ስም የሚጽፈው የክፍል አለቃ ሞኒተር ይባላል፤ ከላቲኑም የራቀ አይደለም። ቴሌቪዥን ሲመጣ የሚተላለፈውን ምስል ጥራት ባለሙያው የሚከታተልበት ስክሪን ስሙን ወሰደ፤ ከዚያ ወደ ኮምፒውተር ተሻገረ። የእኛ «ማሳያ» አሳየ ከማለት የመጣ ነው፤ ያሳያል እንጂ አያስጠነቅቅም። በኃይል ማመንጫ መቆጣጠሪያ ክፍል ግን ሁለቱም ያስፈልጋሉ። የውሃውን ከፍታ፣ የተርባይኑን ዙር፣ የመስመሩን ቮልቴጅ የሚያሳየው ስክሪን አደጋ ሲመጣ በቀይ ያሳስባል። «መቆጣጠሪያ» ራሱ «ቆጠረ» ከሚለው የወጣ ነው፤ እንግሊዝኛው «ኮንትሮል»ም ሒሳብ የሚመሳከርበት ሁለተኛ ጥቅል መዝገብ ከሚል የመካከለኛው ዘመን ላቲን ይመጣል። ሁለቱ ሕዝቦች ሳይነጋገሩ አንድ ሐሳብ ላይ ደርሰዋል፦ የሚያዝ ሰው መጀመሪያ የሚቆጥር ሰው ነው።

እንዲህ ባለ ቦታ ማፈራረቂያ መምረጥ ከምቾት ያለፈ ጉዳይ ነው። ማሽኑን የሚያዘው ኔትወርክ ከቢሮውና ከኢንተርኔቱ ኔትወርክ መለየት አለበት። ባለሙያው ሁለት ኮምፒውተር ሊኖረው ይችላል፤ አንዱ ለማሽኑ፣ ሌላው ለደብዳቤ። ኪቦርድና ማውስን በሶፍትዌር ማጋራት ለቤት ይበጃል፤ ሲነርጂን የመሰሉ ፕሮግራሞች ግን ሁለቱ ኮምፒውተሮች በኔትወርክ እንዲገናኙ ይጠይቃሉ፤ ተለይቶ መኖር ያለበትንም ያገናኛሉ። ማፈራረቂያውም ቢሆን ፍላሽ የሚሰካበት የጋራ ዩኤስቢ ካለው ቫይረስ ከአንዱ ወደ ሌላው የሚሻገርበት ድልድይ ይሆናል። ለዚህ ሥራ ኪቦርድና ማውስ ብቻ የሚቀበል፣ የሁለቱን መስመር ለይቶ የሚይዝ፣ ለደኅንነት ተብሎ የተሠራ አለ፤ ዋጋው ቢወደድም መገዛት ያለበት እሱ ነው።

ለተራው ተጠቃሚ፣ አሶሳም ይሁን አዲስ አበባ፣ ነገሩ ይቀላል። አዲስ ሞኒተር ሊገዙ ከሆነ ማፈራረቂያው ውስጡ ያለበት አለ፤ አንዱን ኮምፒውተር በዩኤስቢ ሲ፣ ሌላውን በኤችዲኤምአይና በዩኤስቢ ገመድ ያገናኛሉ፣ የተለየ ሳጥን አያስፈልግም። ሞኒተሩ ካለዎትና ሁለት መግቢያ ካለው ደግሞ የዩኤስቢ ማፈራረቂያ ብቻ ይግዙ፤ ምስሉን በሞኒተሩ ቁልፍ ያዞራሉ። ሁሉንም በአንድ ንክኪ ለሚፈልግ ሙሉው ማፈራረቂያ አለ፤ ብዙዎቹ ስክሮል ሎክ የሚባለውን ቁልፍ ሁለቴ ሲጫኑ ተራውን ያዞራሉ።

መሣሪያ የምታስተምሩ፣ የዕቃ መግለጫ የምትጽፉ፣ ጨረታ የምታወጡ ሁሉ፣ «ስዊች» ብላችሁ አትለፉ። ማብሪያ ማጥፊያ፣ የኔትወርክ አገናኝ ወይም ማፈራረቂያ መሆኑን ለይታችሁ ጻፉ።