ሲኒማ በንጉሠ ነገሥቱ ቤተ መንግሥት

በ1888 ዓ.ም. ሁለት ታላላቅ ነገሮች ተደረጉ። በታኅሣሥ ወር የሉሚዬር ወንድማማቾች በፓሪስ ከተማ ተንቀሳቃሽ ሥዕላቸውን ገንዘብ ከፍሎ ለገባ ሕዝብ አሳዩ፤ በየካቲት 23 ቀን ደግሞ አባቶቻችን በዐድዋ ድል አደረጉ። በዐድዋ ግን ሲኒማ አንሺ አልነበረም። ስለዚህ ያን ቀን የምናውቀው ከጸሐፊ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ ብዕር፣ ከሠዓሊዎች ብሩሽና ከሽማግሌዎች አፍ ነው።

ዐፄ ምኒልክ አዲስ ጥበብ የሚወዱ ንጉሥ ስለ ነበሩ ሲኒማን በቤተ መንግሥታቸው ተመለከቱ። ሕዝቡ ግን ነገሩን በመጠራጠር በአዲስ አበባ የተከፈተውን የመጀመሪያ ሲኒማ ቤት «የሰይጣን ቤት» ብሎ ጠራው።

ዘመን አለፈና ቤተ መንግሥቱ ተመልካች ብቻ ሳይሆን ራሱ የሚታይ ሆነ። ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ዘውድ ሲጭኑ፣ ከእንግሊዝ የግሎስተር መስፍን፣ ከፈረንሳይ ማርሻል ፍራንሼ ዴስፔሬ፣ ከኢጣሊያ የኡዲኔ ልዑል ተገኝተው ነበር። የውጭ አገር ሲኒማ አንሺዎችም መጥተው የበዓሉን ሥርዓት በፊልም አነሡ። የሩቅ አገር ሰውም ኢትዮጵያን ነጻ መንግሥት ሆና አያት።

ይሁን እንጂ ፊልምና ዜና መዋዕል አንድ አይደሉም። የቤተ መንግሥት ጸሐፊ መኳንንቱን በስማቸውና በማዕረጋቸው ይጽፋል፤ ፊልሙ ግን የሰውን መልክ እንጂ ስሙን አይነግረንም። ደግሞም ፊልም የሚያሳየው አንሺው የወደደውን ብቻ ነው። በ1928 ዓ.ም. ፋሺስት ኢጣሊያ አገራችንን በወረረች ጊዜ፣ ሉቼ የተባለው የመንግሥቷ ፊልም ድርጅት ወረራውን እንደ ሥልጣኔ ሥራ አድርጎ አሳየ፤ በወገኖቻችን ላይ የዘነበውን የመርዝ ጋዝ ግን ሸሸገ። በዚያው ዓመት ሰኔ 23 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ በጄኔቭ ለዓለም መንግሥታት ማኅበር አቤቱታቸውን ሲያሰሙ ሌሎች ሲኒማ አንሺዎች ነበሩና ያን ንግግር ዛሬም እናየዋለን፤ እንሰማዋለንም። እንግዲህ ያው መሣሪያ ለሐሰትም ለእውነትም አገልግሏል።

ስለዚህ እኛ የታሪክ ተማሪዎች አሮጌ ፊልም ባየን ጊዜ በግርማው ብቻ ልንደነቅ አይገባንም። ማን አነሣው? ለማን ሊያሳይ አነሣው? ምንስ ትቶ አለፈ? ብለን እንጠይቅ። ከዚያም መልኩ ታይቶ ስሙ ያልተጻፈውን ሰው ከመጻሕፍትና ከየቤተሰቡ ፎቶግራፍ እየፈለግን ስሙን እንጻፍለት። ፊልሙን የውጭ ሰዎች አንሥተውታል፤ ስሙን መጻፍ ግን የእኛ ፋንታ ነው።