ሌባዋ አሮጊት

«ባትማን» ቁጥር 1፣ የኮሚክ መጽሔት። ኒው ዮርክ፣ 1940 እ.ኤ.አ.። የያኔ ዋጋው 10 ሳንቲም።

ሽፋኑ ላይ ባትማንና ሮቢን በገመድ ይወነጨፋሉ። ሌባዋ እዚህ የለችም፤ የምትገኘው ከውስጥ ነው። በመዝናኛ መርከብ ከሚንሸራሸሩት ሀብታሞች መሃል አንዲት ምስኪን አሮጊት አለች፤ ቁርጭምጭሚቷ በፋሻ ተጠቅልሏል። የእሳት ማስጠንቀቂያ ሲጮኽ ግን አሮጊቷ እንደ ኮረዳ ትፈተለካለች፤ ጉዷ የሚፈላውም ያኔ ነው። የተሰረቀው የአንገት ሐብል ከፋሻው ሥር ይገኛል።

ኋላ ካትዉማን የተባለችው ይህች ናት። የፈጠሯት ቢል ፊንገርና ቦብ ኬን ገና የድመት ጭምብል አላጠለቁላትም፤ ስሟም «ድመት» ብቻ ነው። በዚሁ እትም የተወለደው ጆከርም አልማዝ ይሰርቃል፤ እሱ ግን እየገደለ ነው። እሷ ማንንም አልገደለችም። ስታመልጥ ባትማን እያየ እንዳላየ ያልፋታል፤ ሊከተላት የተነሣውን ሮቢንንም ያደናቅፈዋል። ከመጽሔቱ ሁሉ ደጋግመን የምናየው ይህንን ገጽ ነው።

በ1954 እ.ኤ.አ. አሳታሚዎች ያወጡት የኮሚክ ደንብ ወንጀለኛ ሁሉ ቅጣቱን እንዲያገኝ አዘዘ። ካትዉማን ከዚያው ዓመት እስከ 1966 ድረስ ከመጽሔቶቹ ጠፋች።