ክብሪትና በረሃ

በ1962 በወጣው «ሎውረንስ ኦቭ አረቢያ» ፊልም ውስጥ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) አንዲት ዝነኛ ቅጽበት አለች። ወጣቱ መኮንን ሎውረንስ ካይሮ ውስጥ፣ በአንድ ቢሮ፣ የተለኮሰ ክብሪት በጣቶቹ ይዞ ያየዋል። ከዚያም እፍ ይለዋል። ወዲያው ክብሪቱም ክፍሉም ይጠፉና ፀሐይ ልትወጣበት ያለ ሰፊ በረሃ ፊታችን ይዘረጋል። በመካከላቸው ጉዞ የለም፤ ስንብት የለም።

ይህን ያየ ሁሉ ዳይሬክተሩን ዴቪድ ሊንንና ተዋናዩን ፒተር ኦቱልን ያመሰግናል። እኔ ደግሞ መቀሱን ስለያዙት ሴት፣ ስለ ኤዲተሯ አን ኮትስ ጥቂት ልበል።

ኮትስ በ1925 በእንግሊዝ አገር ተወለዱ። ወደ ፊልም ከመግባታቸው በፊት ነርስ ነበሩ፤ ያገለገሉትም የተጎዳ ፊትና አካል በቀዶ ሕክምና በሚጠገንበት በኢስት ግሪንስቴድ ሆስፒታል ነው። አጎታቸው ጄ. አርተር ራንክ በእንግሊዝ ፊልም ዓለም ኃያል ሰው ቢሆኑም፣ የእህት የወንድም ልጅ ብለው ታላቁን በር አልከፈቱላቸውም፤ መንፈሳዊ ፊልሞች ወደሚዘጋጁበት ክፍል ላኳቸው እንጂ። የኮትስ ምኞት ዳይሬክተር መሆን ነበር። በዚያ ዘመን ለሴት ክፍት ከነበሩት ጥቂት በሮች አንዱ ግን የኤዲቲንግ ክፍል ነበርና በዚያው ገቡ።

ወደ ክብሪቱ እንመለስ። በጽሑፉ የታቀደው ዲዞልቭ ነበር፤ ይኸውም አንዱ ምስል ቀስ እያለ ሲከስም ሌላው ከውስጡ እየደመቀ የሚመጣበት ስልት ነው። በዘመኑ ዲዞልቭ የሚሠራው በላቦራቶሪ ስለነበረ፣ ኤዲተሩ በሥራ ቅጂው ላይ ምልክት ብቻ አድርጎ ሁለቱን ምስሎች እንዲሁ ያጋጥማቸዋል። ኮትስና ሊን ቅጂውን ሲያዩ ክብሪቱና በረሃው ፊት ለፊት ተላተሙ። ሁለቱም ወደዱት። ኮትስ በኋላ እንደተረኩት፣ ሊን «ፍጹም ሊሆን ጥቂት ቀርቶታል» በሚል መንፈስ መለሱላቸው፤ እሳቸውም ሁለት ያህል ፍሬም ቆርጠው አወጡለት። አንድ ሴኮንድ 24 ፍሬም ነው። የቆረጡት እንግዲህ የሴኮንድ አንድ አሥራ ሁለተኛ መሆኑ ነው።

ቅኔ የሚወድ አንባቢ የዚህ ምሥጢር የሚጠፋው አይመስለኝም። በተራ ንግግር «ይህ እንደዚያ ነው» እንላለን። ባለቅኔ «እንደ»ን ያነሣና ሰሙን ከወርቁ ያጣብቃል፤ ድልድዩን መሥራት የሰሚው ድርሻ ይሆናል። ዲዞልቩ የ«እንደ» ወንድም ነበር። እሱ ሲነሣ የክብሪቱ ነበልባል ራሱ ፀሐይ ሆነ፤ እሳት በጣቱ ይዞ የሚጫወተው ልጅም ወደ እሳቱ ገባ። ይህን በቃል የሚነግረን የለም፤ እኛው እናገኘዋለን።

ኮትስ በ1963 ለዚህ ሥራ ኦስካር ተሸለሙ። ብዙ ሰው በዚህ ብቻ ያስታውሳቸዋል። እሳቸው ግን በድል ላይ የሚቀመጡ አልነበሩም። በ1980 የዴቪድ ሊንችን «ዘ ኤለፋንት ማን» ሠሩ። በ1998፣ ሰባ ዓመት ካለፋቸው በኋላ፣ በስቲቨን ሶደርበርግ «አውት ኦቭ ሳይት» የሁለት ሰዎችን የመጠጥ ቤት ጭውውት፣ ገና ከሚመጣው የመኝታ ክፍል ትዕይንት ጋር እያፈራረቁ ጊዜን እንደ ሹሩባ ጎነጎኑት። ከመቀስና ከማጣበቂያ ተነሥተው ኮምፒዩተር ላይ ደረሱ። በ2015 «ፊፍቲ ሼድስ ኦቭ ግሬይ» ሲወጣ ዕድሜያቸው 89 ነበር። በ2016 የክብር ኦስካር ተሰጣቸው፤ በ2018 በ92 ዓመታቸው ዐረፉ።

ስድሳ ዓመት ያለፈው የዚህ ሙያ ዕዳው ይህ ነው፦ ሥራው ባማረ ቁጥር ሠሪው ይሰወራል። የተጣለውን ፊልም ማንም አያይም፤ የተሰረዘውን ስንኝ ማንም አያነብም። ግጥም የሚሞክር ሰው ሁሉ ግን ከጻፈው ይልቅ ከሰረዘው ብዙ እንደሚማር ያውቃል። ስለዚህ ፊልም አልቆ ስሞች መውረድ ሲጀምሩ ለመነሣት አንቸኩል። ከእነዚያ ስሞች አንዱ፣ እኛ ሳናውቀው፣ ትንፋሻችንን ሲለካልን የቆየ ሰው ነው።